ቢላዋው በእሳት ይለፍ

ጡረታ የወጣሁ ዕለት ካጨበጨቡልኝ ሰዎች ግማሾቹ ምን ስሠራ እንደኖርኩ አያውቁም ነበር። እውነቴን ነው። አንድ ወጣት መድረክ ላይ ወጥቶ «እማማ ታደለች ለቡና ምርምር ያበረከቱት አስተዋጽኦ» ብሎ ጀመረ። ቡና! እኔ በሕይወቴ አንድ የቡና ችግኝ አልተከልኩም። «ልጄ፣ እንሰት ነው! እንሰት!» ብዬ ከተቀመጥኩበት ጮህኩበት፤ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ካባ አለበሱኝ፣ የግድግዳ ሰዓት ሰጡኝ፣ በፒካፕ ጭነው ቡታጅራ ቤቴ አደረሱኝ። ሰዓቱ እስካሁን ከካርቶኑ አልወጣም። ከእንግዲህ ወዴት ልቸኩልበት?

ስለዚህ ምን ስሠራ እንደኖርኩ ራሴው ልናገር። በአገር አቀፉ የግብርናና የአካባቢ ምርምር ተቋም የዕፀዋት በሽታ ተመራማሪ ነበርኩ። ሥራዬ አንድ በሽታ ነበር፤ የእንሰት አጠውልግ። በእኛ በጉራጌ አገር እንሰት የሌለበት ጓሮ ጓሮ አይባልም። ቆጮው እሱ፣ ቡላው እሱ፣ ገመዱ እሱ፣ የከብቱ መኖ እሱ፣ የበዓል ሥጋ የሚቀርብበት ኮባ የእሱ ቅጠል። አጠውልግ አንዴ ከገባ መድኃኒት የለውም። የሚረጭም የሚወጋም የለም። መጀመሪያ የመሃለኛው ቅጠል ጫፉ ይዝላል፣ ይታጠፋል፣ ቢጫ ይሆናል፤ ከዚያ ስንት ዓመት የተጠበቀው ተክል ቆሞ ይበሰብሳል። ከአንዱ ወደ ሌላው የሚያደርሰውም በአብዛኛው ቢላዋ ነው። የታመመውን የቆረጠ ቢላዋ ጤነኛውን ከነካ አለቀ። እኔ የምለው ነገር ሁሉ ተጨምቆ አንድ ቃል ነው፤ ቢላዋችሁን በእሳት አሳልፉ። ቀላል ይመስላል አይደል? እስቲ ሞክሩት።

መጀመሪያ የተመደብኩት ወልቂጤ ነው። ከዩኒቨርሲቲ እንደወጣሁ፣ ሴትነቴን ላሳይ ብዬ ተረከዝ ያለው ጫማ አድርጌ ሥራ ገባሁ፤ ጫማው የአታትን መንደር ጭቃ እስኪያይ ድረስ ብቻ ቆየ። እዚያ የተቀበሉኝ ጋሽ ወልዴ ናቸው። በወረቀት ዶክተር ናቸው፤ ግን «ዶክተር» ብሎ የጠራቸው ሰው ካለ ወደ ኋላቸው ዞረው «ማን መጣ?» ይሉ ነበር። ረጅም፣ ቀጭን፣ ለነገር የማይቸኩሉ ሰው። ሁልጊዜ የሚለብሱት ካኪ ኮት አለ፤ የቀኝ ኪሱ አፍ ነጭ ሆኖ ተበልቷል። ለምን ቢባል፣ ትንሽ ጠርሙስ በረኪና ከዚያ ኪስ አይጠፋማ። አንድ ተክል በነኩ ቁጥር ጠርሙሱን ያወጣሉ፣ ቢላዋቸውን ይጠርጋሉ፣ ይመልሱታል። ባለቤታቸው በኮቱ ነገር ሲያማርሩ «ኮት ይገዛል፤ የሰው ጓሮ ግን አይገዛም» ይሏቸው ነበር አሉ።

አንድም ቀን የገበሬ ደጅ ላይ ሳይጣሩ ገብተው አያውቁም። አጥሩ ጋ ቆመው «ቤቶች!» ይላሉ። ከወጣው ሰው ጋር ስለ ልጅ ይጠያየቃሉ፣ ስለ ላም ይጠያየቃሉ፣ ስለ ዝናብ ይጠያየቃሉ። እኔ ከኋላ ቆሜ በልቤ «ኧረ አለቀ ቀኑ!» እላለሁ። በመጨረሻ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «እንሰቱስ ደህና ነው?» ይላሉ፤ ልክ በሽተኛ ተኝቶ እንዳለበት ቤት። ሰውየውም የደበቀውን ሁሉ ያወጣዋል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባል የለ? በእኛ አገር ግን ጓሮው የታመመበት ሰው ይደብቃል። «የእከሌ ቤት እንሰት ተመታ» መባል ውርደት ነው። እኔ መኪና አስቁሜ ዘው ብዬ «የታመመ አለ?» ብል ኖሮ ሁሉም «የለም፣ ተመስገን» ብሎ ይሸኘኝ ነበር። ይሄ ገብቶኝ እስክማር ድረስ ጋሽ ወልዴ ምንም አላሉኝም። ዝም ብለው ብቻ ሰላምታቸውን ያስረዝማሉ።

በመጀመሪያው ሳምንቴ አታት አጠገብ አንድ ጓሮ ውስጥ የዛለ ቅጠል ከሩቅ አየሁና «አጠውልግ ነው!» ብዬ አወጅኩ። ባለቤቱ ክው አለ። ጋሽ ወልዴ ወደ ተክሉ ሄደው የቅጠሉን አንገት ቆረጡና ጠበቁ። አጠውልግ ከሆነ ከተቆረጠው ቦታ ወፍራም ቢጫ ፈሳሽ ያዣል። ቆምን፣ ጠበቅን። ምንም አልወጣም። ከዚያ ጎንበስ ብለው ግንዱን ወዘወዙት፤ ከነአካቴው እጃቸው ላይ ወደቀ። ሥሩን ፍልፈል በልቶት ኖሯል። «ታደለች፣ ፍልፈል ከመቼ ወዲህ ነው ባክቴሪያ የሆነው?» አሉኝ። ባለቤቱ ከሳቁ የተነሳ አጥሩን ተደግፎ ነበር፤ ለእሱ የምሥራች ነዋ! እኔ አፈርኩ። ግን ከዚያ ወዲህ ሳልቆርጥና ሳልጠብቅ አንድም ተክል «ታሟል» ብዬ አላውቅም፤ በዚህ በኩል ማንም ጣቱን አይቀስርብኝም።

ወልቂጤ ብዙ ዓመት ተቀመጥኩ። ሥራዬን እወደው ነበር፤ ልሸሽገው አልፈልግም፣ ጎበዝም ነበርኩ። ናሙና ቆርጬ፣ በወረቀት ጠቅልዬ፣ በረዶ ሳጥን ውስጥ አድርጌ አመጣለሁ፤ ላቦራቶሪ ውስጥ ሳህን ላይ ስዘራው ክብ፣ ቢጫ፣ ማር የመሰለ ነጠብጣብ ሆኖ ይበቅላል። እሱን በውሃ በጥብጠን ከየወረዳው በሰበሰብናቸው የእንሰት ዝርያዎች አንገት ላይ በመርፌ እንወጋለን፤ የትኛው ይሞታል፣ የትኛው ይቆማል ብለን እናያለን። ፈጽሞ የማይታመም አላገኘንም። የሚታገል ግን አገኘን፤ ታሞ የሚያገግም። የእነዚያን ችግኞች ማባዛት ሌላ ሥራ ነው። ግንዱ ይነቀላል፣ እምብርቱ ተፈልቅቆ ይወጣል፣ ጉድጓዱ በአፈርና በፍግ ይሞላል፣ ይቀበራል፤ ዝናብ ሲመጣ ዙሪያውን ሙሉ ቡቃያ ያወጣና ጫጩት ያቀፈች ዶሮ ይመስላል።

አለቆች መጡ፣ ሄዱ። አንዱ ሪፖርት በቀለም ካልተሠራ አያነብም ነበር፤ ቀይና አረንጓዴ ሣጥን ሠርቼ እሰጠዋለሁ፣ እሱም ይደሰታል። አበል ሲዘገይ ከኪሳችን ተሳፍረን ሄደናል። ስለዚህ ነገር ብዙ አላወራም፤ የመንግሥት ሠራተኛ የሆነ ሁሉ ያውቀዋል።

ከዚያ ቡታጅራ ላለው ንዑስ ጣቢያ ኃላፊ አድርገው ላኩኝ። ተወልጄ ያደግኩባት ከተማ ናት፤ «ወደ እናትሽ ቤት ተመለስሽ» ብለው ቀለዱብኝ። እኔ ግን በልቤ የራሴን ነገር ይዤ ነው የመጣሁት። አንድ መንደር ሙሉ ከአጠውልግ ነጻ ማድረግ እፈልግ ነበር። አንድ ጓሮ ማዳን ዋጋ የለውም፤ ከጎረቤት ተመልሶ ይመጣል። መንደሩን ሙሉ ከያዝክ ግን በሽታው የሚገባበት ያጣል። በመስቃን፣ ከእንሴኖ መንገድ ገባ ብላ ያለች አንዲት መንደር መረጥን። ጋሽ ወልዴ ጡረታቸው ተቃርቦ ነበር፤ አማካሪ ሆነው መጡልኝ፤ ያው ኮት፣ ያው ጠርሙስ።

ዘህራን ያገኘኋት እዚያ ነው። ባሏ ከሞተ ብዙም አልቆየም ነበር። ትልቁ ልጇ ከድር አዲስ አበባ መርካቶ ይነግዳል፤ ሌሎቹም ተበታትነዋል። ባሏ የተከለው የእንሰት ጓሮ ከቤቷ ጀርባ እስከ ወንዙ ድረስ ይወርዳል፤ የምትኖረው በእሱ ነው። እንደ ወጉ «ወይዘሮ ዘህራ፣ እርስዎ» ብዬ ጀመርኩ። «ኧረ ተይኝ!» አለች፣ «እኩያሽ አይደለሁ? አንቺ በይኝ፣ ከዚያ የምትይውን እሰማለሁ።» ከዚያ ቀን ጀምሮ እኔና እሷ አንቺ ነን።

መንደሩ ሙሉ የታመመውን ነቅሎ ቀበረ። ለየቤቱ ቢላዋ የማጋል ልማድ አስያዝን። ሴቶቹ ቆጮ የሚፍቁበትን፣ ወንዶቹ የሚተክሉበትን መሣሪያ፣ አንድ በአንድ። ዘህራ ከሁሉም ትብሳለች። ጎረቤት ቢላዋ ልትዋስ ስትመጣ «ቢላዋዬ አይዋስም፤ ከፈለግሽ እኔው መጥቼ እቆርጥልሻለሁ፣ እሱንም አግዬ» ትላለች። ቢላዋ መከልከል በእኛ አገር ጎረቤት ያስቀይማል፤ እሷ ግን በጨዋታ አድርጋ ታሳልፈዋለች። ሁለት ዓመት ሙሉ አንድም የታመመ ተክል አልታየም። ከአዲስ አበባ ኃላፊዎች መጡ፣ ባነር ተሰቀለ፣ ሌሎች ወረዳዎች ለጉብኝት መጡ። እኔ ደረቴን ነፍቼ ነበር የማስጎበኛቸው። ለምን አልነፋ? ሠርተነዋላ!

ከአረፋ በኋላ፣ በዓሉ ካለፈ ጥቂት ወራት ቆይቶ፣ ዘህራ ደወለች። ሰላምታም አላስቀደመችም። «ታደለች፣ ነይ» አለች።

ከጋሽ ወልዴ ጋር ሄድን። ከቤቷ አጠገብ ያሉት ትልልቆቹ ተክሎች የመሃል ቅጠላቸው ዝሏል። አንዱን ቆረጥኩ። ጠበቅን። ቢጫው ፈሳሽ እያየነው አዠ። ሁለተኛውን ቆረጥኩ፤ አዠ። ሦስተኛውን መቁረጥ አቃተኝ። የጎረቤቶቿንም ጓሮ አየን፤ እዚያም አለ።

«አንቺ ያልሽኝን ሁሉ አድርጌያለሁ» አለችኝ ዘህራ። አልጮኸችም፤ ብትጮህብኝ ይሻለኝ ነበር። «ቢላዋዬን ሳላግል አንድ ቅጠል ነክቼ አላውቅም። ወላሂ። ታዲያ ከየት መጣብኝ?»

አጥሩን ተደግፌ አለቀስኩ፤ እዚያው እሷ ፊት። ባለሙያ ገበሬ ፊት ያለቅሳል ወይ? አለቀስኩ እኮ ነው የምለው።

ጋሽ ወልዴ ግን በተክሎቹ መሃል እየተሽሎከለኩ ነበር። ድሮ የተቆረጡ ቅጠሎች ግንዱ ላይ ትተውት የሄዱትን ጉማጅ በጣታቸው ይዳብሳሉ። ቆይተው ጠሩኝ። «ይህን እይ። የቤት ሴት ኮባ ስትቆርጥ ከግንዱ አስጠግታ ነው፤ የሚቀረው አጭር ነው። ይሄ ግን ከመሃል ተመትቶ ነው የተቆረጠው፣ ያውም ከፍ ብሎ። የታመሙትም እነዚህ እንደዚህ የተቆረጡት ናቸው።» ወደ ዘህራ ዞሩ። «ይህን የቆረጠው ረጅም ሰው ነው፤ ልማዱም የሌለው። ማነው?»

ዘህራ መሬት ላይ ተቀመጠች። «ከድር ነው» አለች።

ነገሩ እንዲህ ነበር። በአረፋ ዋዜማ ከድር ከመርካቶ መጣ። የመስቃን ልጅ የትም ቢሆን ለአረፋ አገሩ ይገባል፤ ክርስቲያኑም ለመስቀል እንደዚያው። ጠዋት ከሚስቱ ወላጆች ቤት፣ ከሌላ መንደር፣ ለቅርጫው የሚጎዘጎዝ ኮባ ሲቆርጥ አረፈደ። እዚያ አጠውልግ አለ፤ እሱ ምን ያውቃል? ከዚያ በያዘው ቢላዋ መጥቶ ለእናቱ ቆረጠላት። እሷ ምድጃ ላይ ናት፣ አላየችውም። ለእናቱ ሲጨርስ ወደ ጎረቤት ተሻገረ፤ «እናቶች፣ አትድከሙ፣ እኔ ልቁረጥላችሁ» እያለ ከቤት ቤት ዞረ። መንደሩ ሙሉ መረቀው። «ከድር ያን ያህል ሀብት አግኝቶ ዛሬም እጁን አልነፈገንም» አሉ። በፍቅር ነው ያጠፋው። እኛ ደግሞ መንደሩን ያስተማርነው ሁሉም ሰው ሥራ ላይ ባለበት ወራት፣ ነዋሪውን ብቻ ነበር። በዓል ሲሆን ያን መንደር የሚሞላው ሰው ሌላ መሆኑን የዚሁ አገር ልጅ ሆኜ ረሳሁት። ቡታጅራ ተወልጄ!

«ለልጄ እንዳትነግሩት» አለች ዘህራ።

«ዘህራ፣ ካልተነገረውማ ይደግመዋል።»

«አባቱ የተከለውን ነው ያጠፋው። ቢያውቅ ከእንግዲህ እዚህ ደጅ አይቆምም፣ አውቀዋለሁ። ሐፍረቱ አይለቀውም። የማየው በአረፋ ነው፣ በዓመት አንዴ። እንሰቱንም ልጄንም አጥቼ ልኑር?»

እኔ ልከራከር አፌን ስከፍት ጋሽ ወልዴ «አንነግረውም» አሉ። መኪና ውስጥ ተቆጣኋቸው። «ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ አላሉም? ሥሩን ካልተናገርን ምኑን ነው የምናስተምረው?» አልኳቸው። እሳቸውም «ስሙ በሕዝብ ፊት የተጠራ ሰው አይማርም፤ ይሸሻል። ደግሞ ልጁ የእሷ ነው፣ የተቋሙ አይደለም» አሉኝ። ቡታጅራ እስክንገባ አላናገርኳቸውም። ሪፖርቱ ላይ «ከውጭ በመጣ መቁረጫ» ብዬ ጻፍኩ፤ አለቃዬ ደጋግሞ «ማን?» ቢለኝም ከዚያ ወዲያ አንድ ቃል አልጨመርኩም።

የዘህራን ጓሮ የነቀልነው በደቦ ነው። ጎረቤቱ ሁሉ የራሱን ቀብሮ መጣላት። ትልልቅ ጉድጓድ ተቆፈረ፣ ያ ሁሉ እንሰት እየተጎተተ ገባ፣ አፈር ተመለሰበት። እሷ ለሠራተኛው ምሳ ስታቀርብ ዋለች፤ አንዴም ወደ ጓሮው አላየችም። ሲመሽ ባዶውን መሬት አየችና «አጃኢብ! ወንዙ ከዚህ ይታይ ኖሯል?» አለች። እንሰቱ ሸፍኖት አይታ አታውቅም ነበር።

እንሰት ቶሎ አይመለስበትም፤ በሽታው አፈር ውስጥ እስኪጠፋ መሬቱ በሌላ ሰብል ማረፍ አለበት። በርበሬና በቆሎ ዘራችበት። በርበሬዋ እንሴኖ ገበያ ላይ ስም አወጣ፤ እሷ ግን «በርበሬ ከምን ጋር ይበላል፣ ቆጮ ሳይኖር?» እያለች ታላግጥ ነበር። ጊዜው ሲደርስ ችግኞቹን ከጣቢያው ራሴ ይዤላት ሄድኩ፤ ከእነዚያ ከሚታገሉት ዝርያዎች። አትቀበለኝም ብዬ ፈርቼ ነበር። ደጇ ላይ ቆሜ «ቤቶች!» ብዬ ተጣራሁ። ወጣች፤ ስለ ልጅ ጠየቅኳት፣ ስለ ላሟ፣ ስለ ዝናቡ። በመሃል አቋረጠችኝ። «የሽማግሌውን ሰላምታ ተይና ችግኙን አውርጂ» አለች። አውርጄ ተከልነው።

ከዚያ በኋላ የተማርኩትን ሠራሁበት። ለነዋሪው ብቻ ማስተማር ቀረ። በበዓል ዋዜማ መንደሩ መግቢያ ላይ ፍም አስቀመጥን፤ የገባ ቢላዋ ሁሉ በፍሙ ላይ ያልፋል። አዲስ አበባ ላሉት ልጆች በቴሌግራም ድምፅ ላክን፤ የተናገረችው ዘህራ ናት፣ በመስቃንኛ። «የምትመጡ ልጆቻችን፣ በባዶ እጅ ኑ፤ ኮባውን እኛ እንቆርጣለን» ትላለች። ሌሎች መንደሮችም ወሰዱት። ዛሬ ይህ አሠራር በብዙ ቦታ አለ፤ ከየት እንደመጣ የሚያውቅ ጥቂት ነው፣ እኔም ግድ የለኝም። ውድቀታችን ከስኬታችን የበለጠ ጠቅሟል፤ ይህን አፌን ሞልቼ እናገራለሁ።

ከድር ብቻ ቀረ። ድምፁን ሰምቷል፤ ግን ማሳሰቢያ ሲሰማ ሰው ሁሉ ለጎረቤቱ የተነገረ ይመስለዋል። እሱ ደግሞ መንደሩ መግቢያ ላይ በፍሙ በኩል የሚመጣው በእግሩ መቼ ነው? በመኪናው በላይኛው መንገድ ዞሮ ቀጥታ እናቱ ደጅ ይቆማል። በየአረፋው ማግስት ከቡታጅራ እደውልላታለሁ።

«ቆረጠ?»

«አልቆረጠም።»

«ምን አልሽው?»

አንዱን ዓመት «ተክሉ ገና ልጅ ነው» አለችው። ሌላውን ዓመት ኮባውን አስቀድማ ራሷ ቆርጣ ደጅ ላይ ከምራ ጠበቀችው። አንዱን ዓመትማ በዋዜማው «ሆዴን ቆረጠኝ» ብላ ተኛች፤ ምስኪኑ ጤና ጣቢያ ወስዷት ሲያስመረምራት ዋለ። «ታመሽ ነበር እንዴ?» ስላት በስልክ ውስጥ ሳቀች። ጋሽ ወልዴ በሕይወት እያሉ ይህን ስነግራቸው እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። ነፍሳቸውን ይማር፤ የመጨረሻውን አላዩም።

ባለፈው አረፋ፣ ጡረታ ከወጣሁ በኋላ በመጀመሪያው፣ ዘህራ «ዘንድሮ የሥራ መኪና የለሽም ብለሽ እንዳትቀሪ» ብላ አዘዘችኝ። ሥጋችን እንኳ አይገናኝም፤ እኔ የኦርቶዶክስ ልጅ ነኝ፣ እሷም ታውቃለች። ለእኔ ቆጮ ከአይብና ከጎመን ጋር ለብቻው ይዘጋጃል። ባዶ እጄን አልሄድም ብዬ በገበያ ቀን እንሴኖ ወርጄ አንድ ጥሩ ቢላዋ ገዛሁላት፣ በጋዜጣ አስጠቀለልኩ፣ በዋዜማው በባጃጅ ደረስኩ።

ጓሮው! እግዜር ያሳያችሁ። ወንዙ እንደገና ተሸፍኗል። ቅጠሉ ሰፊ፣ ጥቁር አረንጓዴ፣ አንድም ቢጫ የለበት። እያየሁ ቆሜ ሳለሁ የከድር መኪና መጣ። የእናቱን ጉልበት ስሞ፣ እኔንም አቅፎ፣ ከመኪናው ቢላዋ አወጣ። «እማ፣ ዘንድሮ ምክንያት የለሽም፤ ተክሉ አድጓል። ኮባውን እኔ ነኝ የምቆርጠው» አለ።

ዘህራ የአጥሩ በር ላይ ቆመች። አጭር ሴት ናት፤ እሱ ከላይ ያያታል።

«ቢላዋህ ከየት ነው የመጣው?»

«ከአማቶቼ ቤት። ጠዋት ቆረጥኩላቸው፣ ስለቱ ጥሩ ነው።»

«አትገባም።»

«በገዛ አባቴ ጓሮ?» ፊቱ ተለዋወጠ። «ለስንት ዓመት ነው እንደ ሌባ የምታርቂኝ? ጎረቤት እንኳ አስተዋለ። ምን አድርጌ ነው?»

ዘህራ በሩን አልለቀቀችም። ከድር ከእናቱ ወደ ጓሮው አየ፣ ከጓሮው ወደ እጁ፣ ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። የነጋዴ አእምሮ ነው፣ ቶሎ ይገጣጥማል። ድምፁ ተለወጠ። «እትዬ ታደለች፣ ያን ጊዜ ያ ሁሉ እንሰት… ማነው ያጠፋው?»

ጋሽ ወልዴ የገቡላት ቃል እኔንም ያስራል። መሬት መሬት አየሁ።

«ቢላዋ ነው ያጠፋው» አለች ዘህራ። «ሰው አይደለም።»

«የእኔ ቢላዋ ነው?»

«ቢላዋ ነው አልኩህ፣ ከድር። አንተ ልጄ ነህ። በየትኛውም በር ትገባለህ። ቢላዋው ነው የማይገባው፤ ምድጃው ያ ነው።»

ከድር ወደ መኪናው አየ። ይሄዳል ብዬ ነበር፤ እሷም ፈርታለች፣ የነጠላዋን ጫፍ ጨምድዳ ይዛ ነበር። አልሄደም። ምድጃው ጋ ሄዶ ቁጢጥ አለና ቢላዋውን ፍሙ ውስጥ ከተተ። ጀርባውን ሰጥቶን ብዙ ቆየ፤ ትከሻው ይንቀጠቀጥ ነበር። እናቱ ከኋላው ቆማ እጇን ራሱ ላይ አደረገች። «ግራና ቀኙን አግለው» አለችው። «ከዚያ ገብተህ ቁረጥልኝ። ከግንዱ አስጠግተህ ነው፣ እሺ? እኔ አሳይሃለሁ።»

ዓይኔን ጠራርጌ፣ ጨዋታ ለመለወጥ ብዬ፣ ስጦታዬን አወጣሁ። ዘህራ ጋዜጣውን ፈታ ቢላዋውን አገላብጣ አየችው።

«ከየት ገዛሽው?»

«ከእንሴኖ ገበያ።»

«ሻጩ ስለቱን በምን አሳየሽ?»

ሰውየው ከእግሩ ሥር ካስቀመጠው የኮባ አንገት ላይ እያየሁት ሸርከት አድርጎ ነበር። እኔም «ወይ ስለት! ጠቅልልልኝ» ብዬ ከፍዬ መጣሁ። ከየትኛው ጓሮ እንደተቆረጠ የማይታወቅ ኮባ! ዕድሜዬን ሙሉ ስለዚህ ነገር የጮህኩ ሴትዮ!

«በኮባ» አልኩ።

ከድር በዚያ ሁሉ እንባው መሃል ሳቁ አመለጠው። ዘህራ ግን አልሳቀችም። ቢላዋዬን ወስዳ ከልጇ ቢላዋ አጠገብ ፍሙ ውስጥ ሻጠችው።

«ኧረ ዘህራ፣ ይህን ያስተማርኩሽ እኔ ነኝ እኮ» አልኳት።

«አውቃለሁ» አለች። «አንቺ ጡረታ ወጥተሻል። እኔ ገና ሥራ ላይ ነኝ። ቁጭ በይ፣ ይጋል።»